በያረጋል ድምፅ

መንበረ ከአንዷለም ጋር የተዋወቀችው በገንዳ ውሃ ጤና ጣቢያ አግዳሚ ላይ፣ ሁለቱም ለወባ ምርመራ ደም ሰጥተው ውጤት ሲጠባበቁ ነው። መስከረም 2000 ዓ.ም. ነበር። እሷ በአማርኛ ቋንቋ ተመርቃ፣ በከተማው ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ልታስተምር ከጎንደር ከወረደች ገና ሁለት ሳምንቷ ነው። ራሷን ስላመማት ወባ ያዘኝ ብላ ደንግጣ መጥታለች። እሱ በዚያ ሙቀት ጋቢ ተከናንቦ ይንቀጠቀጣል፤ እየተንቀጠቀጠም በእግሩ መሬቱን እየመታ ግጥም ያነበንባል።

«ለቆላ አዲስ ነሽ» አላት ድንገት።

«እንዴት አወቅህ?»

«ጥላ ይዘሽ ጥላ ሥር ተቀምጠሻል።»

መንበረ ቀና ብላ የዛፉን ቅርንጫፍ አየችና ጃንጥላዋን አጠፈች። ሳቋን ለመዋጥ ከንፈሯን ነከሰች።

ነርሷ በመስኮት ብቅ አለች። «መንበረ፣ ነጻ ነሽ! አንዷለም፣ አለብህ!»

«አየሽ፣ ያንቺንም እኔ ታመምኩልሽ» አለና ጋቢውን ሰብስቦ ተነሣ። «ደግሞ ስምሽን በነጻ ሰማሁ።»

መንበረ ጃንጥላዋን አንሥታ ሄደች። መልስ የሚመጣላት ቤቷ ከደረሰች በኋላ ነው። ሦስት ቀን ሙሉ፣ ልትለው የሚገባትን ስትለማመድ ሰነበተች።

ማን እንደሆነ የነገሯት ተማሪዎቿ ናቸው። አንዷለም «ወንፈል» የሚባለው የራፕ ቡድን ግማሽ ነበር። ሌላው ግማሽ ያረጋል ነው። አንዷለም የሽንፋ ልጅ ነው፤ አሥራ ሁለተኛ ጨርሷል። ያረጋል ለሰሊጥ አረም ከጎጃም ወርዶ በዚያው የቀረ የቀን ሠራተኛ ነው፤ ፊደል አይለይም፣ ግን መቶ መስመር ግጥም በጭንቅላቱ ይዞ ይዞራል። የተዋወቁት አንድ ማሳ ላይ ጎን ለጎን ሲያርሙ ነው። በኋላ ለየራሳቸው ትንሽ ትንሽ መሬት ተከራዩና በወንፈል ያርሱ ጀመር፤ ዛሬ ያንተን፣ ነገ የኔን። የቡድኑ ስም ከዚያ መጣ።

ሁለት አልበም አውጥተዋል። ከሙዚቃው ሥር የትራክተር ድምፅ አለ፤ የሰሊጥ ነዶ ተገልብጦ ሸራ ላይ ሲራገፍ የሚያሰማው ሹክሹክታ አለ። ከገንዳ ውሃ እስከ ድንበሩ ድረስ ባጃጅ ሁሉ ይጫወተዋል። አንዷለም ለስላሳው ነው፤ ያረጋል ተናካሹ። ደላላውን፣ ባለሀብቱን፣ የጎንደር ነጋዴውን በዚያ በሻከረ የጎጃም ድምፁ ሲሰድብ ሰው መንገድ ላይ ቆሞ ያጨበጭባል።

የሚለማመዱት መናኸሪያው አጠገብ በመጂዳ ሱቅ ጓዳ ነበር። መጂዳ እናቷ ሱዳናዊት ናት፤ በስልክ ሚሞሪ ላይ ዘፈን ትጭናለች፤ ልምምዳቸውንም በቴፕ ትቀዳላቸዋለች። አንዷለም ወባው እንደለቀቀው መንበረን ወደዚያ ጠራት። አርብ ከሰዓት ከትምህርት ቤት ስትወጣ ጓዳው ጥግ ካለ የሲሚንቶ ከረጢት ክምር ላይ ቁጭ ብላ ትሰማቸዋለች። አትናገርም። እሱ ሲሳሳት ብቻ ቀና ትላለች፤ ቀና ስትል ዓይኑን ታገኘዋለች፤ ያኔ ሌላ መስመር ይስታል።

«ያ መንበረ» ትላለች መጂዳ፣ «ወላሂ ይሄ ልጅ ካሴት ጨረሰብኝ። ወይ ውጪለት ወይ አግቢው።»

«ዝም ትላለች እንጂ ትሰማለች» ይላል አንዷለም።

«እኔም እሰማ ነበር» ይላል ያረጋል። «አንዷለም የሚባል ድሮ ጥሩ የሚዘፍን ልጅ ነበረ።»

እንደዚያ ሁለት ዓመት ሊሞላ ሆነ። አንዷለም በሸለቆው ዳር መንገድ አብሯት ሲሄድ አንድ እርምጃ ቀድሞ እሾኹን በጫማው ይገፋላታል። እጇን የያዘው በስድስተኛው ወር ነው። ሦስተኛው አልበም ሲወጣ ጎንደር ወላጆቿ ዘንድ ሽማግሌ እንደሚልክ ነገራት። እሷም «እሺ» አለች። ይህቺን አንዲት ቃል ለማለት ምን ያህል እንደታገለች የሚያውቀው እሱ ብቻ ነበር።

ነገሩ የተበላሸው በሰኔ 2001፣ በትምህርት ቤቱ የወላጆች በዓል ነው። መድረክ እንድትመራ መንበረን አስገደዷት። ሦስት መቶ ሰው ፊት ቆማ፣ ቶሎ ለመጨረስ ብቻ እንዲህ አለች፦

«አሁን ደግሞ አንዷለምና... ረዳቱ ሥራቸውን ያቀርቡልናል።»

ሰው ሳቀ። ያረጋል ደረጃው ላይ ለአፍታ ቆመ፤ ከዚያ ወጥቶ ማይኩን ተቀበላት።

ሲወርዱ አጠገቧ መጣ። ያን ሰሞን ከስቷል፤ ማታ ማታ ያተኩሰዋል ይባላል። «አንች መምህር» አላት ፈገግ ብሎ፣ «ረዳት ያለው አይሱዙ ነው። እኔ ሰው ነኝ።»

የቀለደ መሰላትና ሳቀች። ቤቷ ስትደርስ ቀልድ እንዳልሆነ ገባት። ይቅርታ ልጠይቀው አለች፤ አፈረች። በሚቀጥለው አርብ አለች፤ ክረምቱ ገባ፣ ጎንደር ሄደች። ስትመለስ ትንሽ ነገር ነው ብላ ተወችው።

ሦስተኛው አልበም በጥር 2002 ወጣ። ስሙ «ሦስተኛ አረም» ነው። መንበረ ለመጀመሪያ ጊዜ የሰማችው ከገበያ ስትመለስ፣ ባጃጅ ውስጥ ነው። ሰባተኛው ዘፈን ላይ የአንዷለም ድምፅ መጣ፤ ያ ለስላሳ ድምፅ፣ ሳይጮህ፣ ረጋ ብሎ፦

«ጠመኔ ነው እጅሽ፣ ሲነካኝ አመድ ነኝ፣
ሰው መሃል አቁመሽ ስሜን የነፈግሽኝ፤
የተማርሽ መስሎሽ ነው ሰው ንቀሽ ማደርሽ፣
እንደ ሰሊጥ ገለባ ነፋስ ይውሰድሽ።»

ባለ ባጃጁ በመስታወት አያት። ድምፁን ቀነሰው፤ ከዚያ፣ ይህም የባሰ እንደሆነ ገብቶት ነው መሰል፣ መልሶ ከፍ አደረገው።

ገንዳ ውሃ ትንሽ ከተማ ናት። በጠመኔ የሚሠራ እጅ ያላት፣ የአንዷለም የነበረች ሴት አንድ ናት። በሳምንቱ አሥረኛ ክፍል ስትገባ ከኋላ ወንበር «ነፋስ ይውሰድሽ» የሚል ማንጎራጎር ተነሣ። ስታስተምር፣ ስታርም፣ እንጀራ ስትገዛ፣ ያቺን ሐረግ የማታገኝበት ቦታ አልነበረም።

አልበሙ ግን ወደቀ። ሰው «ተምታቶባቸዋል» አለ። ለስላሳው ይሳደባል፤ ተናካሹ ደግሞ አራተኛው ላይ በዚያ በሻከረ ድምፁ የፍቅር ግጥም እያለቀሰ ይላል። በየሻይ ቤቱ የያረጋልን ድምፅ እያስመሰሉ ሲስቁ ዋሉ። መንበረ አራተኛውን ሰምታ አልጨረሰችውም። የሚሰማት ሰባተኛው ብቻ ነበር።

አንዷለም ትምህርት ቤቱ በር ላይ መጣ። ዘበኛው ጋሽ ጀምበሩ ቢሮ ድረስ ገብተው ነገሯት።

«ያ ልጅ ቆሟል፤ አንድ ቃል ብቻ አለኝ ይላል።»

«ቃሉንማ ሰማሁት» አለች መንበረ።

በማግስቱም መጣ። በሦስተኛውም ቀን። «ኧረ ልጄ፣ ፀሐዩ በላው» አሏት ጋሽ ጀምበሩ።

«የለችም ይበሉት።»

«ሲያይሽ እኮ ነው የምትገቢው።»

«እንደዚያም ቢሆን የለችም ይበሉት።»

በአራተኛው ቀን አልመጣም። በሚያዝያ ያረጋል ሞተ። ካላዛር ነው አሉ፤ የአሸዋ ዝንብ የምታስተላልፈው፣ የሠራተኛውን ጣፊያ አሳብጦ የሚገድለው በሽታ። መንበረ ቀብሩ ላይ አልተገኘችም። አንዷለም በዚያው ሰሞን ወደ ቋራ ሄዶ ገለጉ ላይ የትራክተር ሹፌር ሆነ ሲባል ሰማች። ዝውውር ጠየቀች፤ አልተሰጣትም። ሁለት ሰዎች ሊያገቧት ጠየቁ። አንደኛው በሳምንቱ ዘፈኑን ሰምቶ ጠፋ፤ ሁለተኛውን እሷ እንቢ አለችው።

ስምንት ዓመት አለፈ።

በኅዳር 2010 ፀሐዩ የሚባል ወጣት ቤቷ መጣ። አሁን የባህል ባለሙያ ነው፤ ድሮ አሥረኛ ክፍል ያስተማረችው።

«ቲቸር፣ በጥር የወንፈል መታሰቢያ እናዘጋጃለን። ስለ ‹ሦስተኛ አረም› አንድ ጽሑፍ እንድታቀርቢልን ነው።»

«ያ አልበም ወድቆ የለ?»

«ያኔ አልገባንም። አሁን ልጆቹ ከሦስቱ የሚወዱት እሱን ነው። የያረጋል አራተኛው ዘፈን የማይዘፈንበት ሠርግ አለ? እናቱንም ከጎጃም እናመጣለን።» ትንሽ አቅማማ። «ሰባተኛውን... የፈለግሽውን በይው። ተሳድበሽም ቢሆን ጻፊ። መብትሽ ነው።»

«አንተ ከኋላ ወንበር ነበርክ» አለች መንበረ።

ፀሐዩ ጫማውን አየ። «ድምፄ ጥሩ ስለነበረ ነው ቲቸር።»

እንቢ ለማለት አፏን ከፍታ «እሺ» አለች። አንድ ነገር ማወቅ ትፈልግ ነበር፤ ስምንት ዓመት ሙሉ ሌላ የፈለገችው ነገር አልነበረም። ያ ሰው ከልቡ ነበር?

ንጹሕ ቅጂ ፍለጋ መጂዳ ሱቅ ሄደች። መጂዳ አርጅታለች፤ አሁን የምትሸጠው የስልክ ቻርጀር ነው። ስለ ምን እንደመጣች ስትሰማ ጓዳ ገብታ በፌስታል የተቋጠረ ካሴት ይዛ ወጣች።

«የመጨረሻው ልምምድ ነው። ያረጋል ከሞተ በኋላ ማንም አልሰማውም። ማሌሽ፣ ይቅርታ፣ ቴፑ ትንሽ ይበላል፤ እዚሁ ስሚው።»

መጀመሪያ ሳል ተሰማ፤ ረጅም የያረጋል ሳል። ከዚያ ድምፁ፦

«ጠመኔ ነው እጅሽ፣ ሲነካኝ አመድ ነኝ...»

በአንዷለም ድምፅ አልነበረም። በጎጃሙ ድምፅ ነበር። እስከ መጨረሻው አለው። ጥርሱን ነክሶ እንደሚናገር ሰው ነበር የሚለው። ከዚያ አንዷለም፦

«ይሄን እኔ አልልም።»

«በወንፈል አይደለም ያልነው? አልበሙን በሙሉ የኔን አንተ፣ ያንተን እኔ።»

«ይሄን ግን...»

«የኔን ማሳ ስታርም እሾህ ያለበትን መስመር ትዘላለህ? በል ያንተን አምጣ።»

የወንበር ሲጥታ። ከዚያ አንዷለም፣ ልክ ጤና ጣቢያው አግዳሚ ላይ እንዳደረገው፣ በእግሩ መሬቱን እየመታ፦

«ወባው ለቆኝ ሄደ፣ ትኩሳቱም በረደ፣
ያቺ ዝምተኛ ግን እሳቷ ነደደ፤
ሳትናገር ሰማሁ፣ ሳትጠራኝም መጣሁ፣
ሰው በሞላው መንገድ እሷን ብቻ አየሁ።»

መጂዳ ቴፑን ዘጋችው። ሠርግ ሁሉ በያረጋል ድምፅ የሚያውቀው አራተኛው ዘፈን ነበር፤ ቃሉ የአንዷለም። መንበረ ሁለት እጇን ጭኗ ላይ አድርጋ ተቀምጣለች።

«ታውቂ ነበር?» አለች በመጨረሻ።

«ሁሉን ቀድቻለሁ፤ አውቃለሁ።»

«ስምንት ዓመት፣ መጂዳ!»

«ጠየቅሽኝ?» አለች መጂዳ። «በሱቄ በር ስታልፊ ሰላም እንኳ ብለሽኝ አታውቂም።»

«ስሜን የነፈግሽኝ» ይላል ግጥሙ። መንበረ የአንዷለምን ስም ነፍጋ አታውቅም፤ መድረክ ላይም ቢሆን በደንብ ጠርታዋለች፤ «ረዳቱ» ያለችው ያረጋልን ነው። ይህን ለማየት ካሴት አያስፈልግም ነበር። ለተማሪዎቿ በየዓመቱ «ተናጋሪው ማነው ብላችሁ ጠይቁ» እያለች ታስተምራለች። ለራሷ አንድ ቀን አልጠየቀችም።

በሦስተኛው ቀን በሽንፋ በኩል ሰሊጥ ሊጭን በሚሄድ አይሱዙ ተሳፍራ ገለጉ ገባች። መንገዱ ቀኑን ሙሉ ፈጀ፤ ያደረችው እንግዳ ማረፊያ ነው። ጠዋት አንዷለምን ያገኘችው ከትራክተር ሥር ነው። ከወገቡ በታች ብቻ ይታያል።

«አንዷለም።»

እግሩ ቀጥ አለ። ቀስ ብሎ ተንሸራትቶ ወጣ። ፂሙ ሸብቷል፤ ገና ሠላሳ ሦስት ዓመቱ ነው።

«መንበረ» አለ።

«ካሴቱን ሰማሁት። መጂዳ ጋ የቀረውን።»

ጨርቅ አንሥቶ የእጁን ግሪስ ይጠርግ ጀመር። አንድ በአንድ፣ ጣት በጣት።

«ታዲያ አሁን ምን ልሁንልሽ?»

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ሦስት ቀን ቆምኩ። የመጀመሪያው ቀን ልነግርሽ ነበር። ሁለተኛው ቀን ይቅርታ ልጠይቅሽ። ሦስተኛው ቀን ትወጪ እንደሆነ ለማየት ብቻ ነበር።»

መንበረ የትራክተሩን ጎማ ተደገፈች። «እኔን እንደሆነ እያወቅህ በአፍህ አልከው።»

«አልኩት። ያረጋል ሆዱ አብጦ ቀበቶ አልዘጋለት ብሎ ነበር። ከዚያ በኋላ አልበም እንደማይሠራ ያውቃል። ‹ሰው ሁሉ በስድብ ነው የሚያውቀኝ፤ እናቴ አንድ ደግ ቃል በድምፄ ትስማ› አለኝ። የኔን ሰጠሁት። የኔን ከሰጠሁ የሱን ልመልሰው አልችልም።»

«እኔን ሰጠኸው።»

«አዎ» አለ፣ ሳያንገራግር። «ግን ታውቂዋለሽ ብዬ ነበር። ድምፁ የሱ ቢሆንም ቃሉን ታውቂዋለሽ ብዬ። አማርኛ አስተማሪ ነሽ እኮ፤ ወባው የማን እንደነበር ደግሞ ካንቺ በላይ ማን ያውቃል? ሰው ሁሉ ቢስት እሷ አትስትም አልኩ። የኔ ጥፋት ይቺ ናት።»

ከጎጆው አንዲት ሴት ሕፃን ታቅፋ፣ በጣሳ ውሃ ይዛ መጣች። ሚስቱ ድንቅነሽ ናት። እንግዳዋ ከገንዳ ውሃ የመጣች አስተማሪ መሆኗን ስትሰማ ፊቷ ተለወጠ።

«እንዴ! እርስዎ ነዎት እንዴ የዘፈኑ? ኧረ በሞቴ ይቀመጡ!» ወደ ባሏ ዞረች። «እኔ ሁልጊዜ እቆጣዋለሁ፤ ምን አድርጋህ ነው የሰው ልጅ እንዲህ የምታዋርድ እለዋለሁ። አንድ ቀን መልስ ሰጥቶኝ አያውቅም። ነፍሱን ይማረውና፣ ያረጋል ግን አይ ልብ! ይቺን እንኳ የማስተኛት በሱ ግጥም ነው።» ለሕፃኗ ዘመረችላት፤ «ሳትናገር ሰማሁ፣ ሳትጠራኝም መጣሁ...»

አንዷለም መሬት መሬት ያያል። መንበረ ውሃውን ጠጣች። ጣሳውን ስትመልስ «ጥሩ ድምፅ አለሽ» አለቻት፤ ድንቅነሽ ደስ ብሏት እየሳቀች ገባች።

ሁለቱ ብቻ ሲቀሩ አንዷለም ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«በመታሰቢያው ላይ ልታነቢ እንደሆነ ሰምቻለሁ። እውነቱን ልትናገሪ ነው?»

«መንገዱን ሁሉ ሳስበው የመጣሁት ይሄንን ነው። ስሜ ይጠራል፤ ስምህም።»

«የያረጋል እናት አሉ። ከሱ የቀረቻቸው ያቺ ግጥም ናት፤ መንደሩ ሁሉ እየመጣ ያስዘፍናቸዋል አሉ። ያቺን ወስደሽ ስድቡን ልትሰጫቸው ነው? መቃብር ውስጥ ላለ ሰው?»

«እኔስ?»

አያት። እስካሁን ድረስ እንዲህ አይቷት አያውቅም፤ በዓይኑ ቁጣ የለም፣ የቀድሞውም የለም።

«አንቺማ ለምደሽዋል» አለ።

ተመልሶ ትራክተሩ ሥር ገባ።

መታሰቢያው ጥር አጋማሽ ቅዳሜ ጠዋት በከተማው አዳራሽ ሆነ። መንበረ ቦርሳዋ ውስጥ ሁለት ጽሑፍ ይዛ መጣች። አንደኛው ከካሴቱ ማግስት የጻፈችው ነው፤ እውነቱ። ሁለተኛው ከገለጉ የተመለሰች ዕለት የጻፈችው ነው። የትኛውን እንደምታነብ አዳራሹ በር ድረስ አልቆረጠችም ነበር። አንደኛውን ብታነብ ሦስት መቶ ሰው ዞሮ ያያታል፤ በስምንት ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ የተወደደች ሴት አድርጎ ያያታል። እንዲህ መታየትን እንደ ረሃብ ነበር የተመኘችው።

ፀሐዩ ቦታዋን ሲያሳያት ከያረጋል እናት ጎን ሆነ። ቀጭን፣ በነጭ ነጠላ የተሸፈኑ፣ አጥንታቸው የወጣ ሴት ናቸው። ወጣቶች እየመጡ ጉልበታቸውን ይስማሉ። አንዲት ሙሽራ መሆኗን የነገረቻቸው ልጅ «እማማ፣ በልጅዎ ቃል ነው የተጋባነው» አለቻቸው። እሳቸውም የልጅቱን ፊት በሁለት እጃቸው ይዘው «ልጀ፣ ልጀ» አሉ።

መንበረ ተጠራች። ወጣች። ሁለተኛውን አነበበች።

ሰባተኛው ዘፈን የአንዷለም መሆኑን፣ ስድቡ ጭካኔ ቢኖረውም ግጥሙ የተበደለ ሰው ግጥም መሆኑን፣ በውስጡ ያለችውም ሴት የማይገባትን አለማግኘቷን አነበበች። ከኋላ ረድፍ አንድ ሰው «ጎበዝ!» አለ። አራተኛው ዘፈን የያረጋል መሆኑን፣ በዘመኑ የተሳቀበት ያ የሻከረ ድምፅ የፍቅር ቃል ለመናገር የተገባ እንደነበር፣ ያልሰማነው እኛ መሆናችንን አነበበች። ድምፅዋ አልተንቀጠቀጠም። አዳራሹ ተነሥቶ አጨበጨበ። እሷ የምታየው እናቱን ነበር፤ እያጨበጨቡ አይደለም፣ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ያዳምጣሉ።

ወርዳ ተቀመጠች። መድረኩ ላይ ልጆች አራተኛውን ዘፈን ጀመሩ። አሮጊቷ ጆሮዋ ድረስ ጎነበሱ።

«አንች ልጀ፣ የተማርሽ ነሽና አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ያች ልጅ ማን ናት? የኔ ልጅ እንዲህ ያለላት።»

መንበረ ወደ መድረኩ እያየች «የዚህ ከተማ ልጅ ነበረች» አለች።

«ታውቂያታለሽ?»

«አውቃታለሁ።»

«እሷስ ትወደው ነበር?»

«ትወደው ነበር፣ እማማ። በጣም ትወደው ነበር።»

አሮጊቷ ልጆቹ አንድ ስንኝ እስኪጨርሱ ጠበቁ።

«ታዲያ ያን ያህል ሲጣራ ምነው ሳትመጣ ቀረች?»

መንበረ ለዚህ ጥያቄ ስምንት ዓመት ብትለማመድም ሌላ መልስ አይኖራትም ነበር።

«ደጃፏ ድረስ መጥቶ ነበር። የለችም አስባለች።»

የያረጋል እናት ራሳቸውን ነቀነቁ። ነጠላቸውን ወደ ትከሻቸው መለሱና፣ ቁጣ በሌለው ድምፅ፣ ስለ ሞተ ከብት እንደሚናገር ገበሬ፣

«እንኳን የኔ ምራት አልሆነች» አሉ።

«እውነትዎን ነው» አለች መንበረ።